እንቁላሉን ማን ይመልሰው?

እንደምን ሰነበቱ? የምኖረው ባሕር ዳር፣ ዓባይ ማዶ ነው። ቅዳሜ ገበያ በሚባለው ገበያ በርበሬና ቅመማ ቅመም እሸጣለሁ። ባለቤቴ የጭነት መኪና ሹፌር ስለሆነ በወር ሦስት አራት ቀን ቤት ቢያድር ነው። ሁለት ልጆች አሉን፤ የ14 ዓመት ሴትና የ12 ዓመት ወንድ። የምጽፍልዎ ስለ ወንዱ ነው።

ልጄ 5ኛ ክፍል ነው፤ የሚማረው በከሰዓት ፈረቃ ነው። ታዛዥ ነበር። ጠዋት ቤት ይጠብቅና ሠርቼ የማስቀምጠውን ምሳ 5፡30 ላይ ገበያ ድረስ ያደርስልኛል፤ የባጃጅ ሰጥቼው ወደ ትምህርት ቤት ይሄዳል። ካለፈው ወር ወዲህ ግን ትምህርት ቤቱ ሦስት ጊዜ ጠራኝ። ለካስ በሳምንት ሁለትና ሦስት ቀን ክፍል አይገባም። ከጓደኞቹ ጋር ጣና ዳር ሲዋኝ፣ አለዚያም ጌም ቤት ተቀምጦ ይውላል። በዚህ ላይ ለእቁብ ያስቀመጥኩትን 600 ብር ወሰደብኝ። 280ው ካልሲው ውስጥ ተገኘ፤ ቀሪው የለም።

የባለቤቴ ታላቅ ወንድም እዚያው ግቢ ነው የሚኖረው። ቤቱ የእሱ ነው፤ የልጆቹን ደብተርና ዩኒፎርም የሚገዛውም እሱ ነው። ክፉ ሰው አይደለም። ነገሩን ሲሰማ ልጁን አንበርክኮ በኤሌክትሪክ ገመድ ገረፈው። ልጄ አላለቀሰም። አለማልቀሱ ይበልጥ አናደደውና በጥፊ መታው። "ወንድ ልጅ ሳይገረፍ ሰው አይሆንም። ኋላ 'በእንቁላሉ ጊዜ በቀጣሽኝ' እንዳይልሽ" ይለኛል። አማቴ ደግሞ በርበሬ ይታጠን ትላለች። ታላቅ እህቱ አምና የፈተና ውጤቷን ደብቃን ነበር፤ እሷን ቁጭ አድርገን መክረናት ተስተካከለች። ወንድ ግን በምክር አይሆንም ይሉኛል።

ከዚያ ቀን ወዲህ ልጁ ደነደነ። በር ዘግቶ ብቻውን ይታጠባል። ስጠራው መልስ የለውም፤ አጠገቡ ሄጄ ካልጮህኩ ዞር አይልም፤ እልህ ነው መሰለኝ። ባለፈው ሐሙስ ደግሞ ከትምህርት ቤት ቀረ። አጎቱ አልሰማም፤ ደብቄዋለሁ። ልንገረው ወይስ ልተወው? ልጄ ሌባ ሆኖ እንዳይቀር እፈራለሁ። ጀርባውን ሳስበው ደግሞ እንቅልፍ የለኝም።

እናት፣ ከዓባይ ማዶ

*

እህቴ፣ ስለ ብሩም ስለ ትምህርቱም እንደርስበታለን። በቅድሚያ ግን "እልህ ነው መሰለኝ" ብለሽ ያለፍሽው ነገር አስግቶኛል። በጥፊ ከተመታ ወዲህ ሲጠሩት የማይዞር ልጅ ምናልባት መስማት ተስኖት ይሆናል። መዳፍ ጆሮ ላይ ሲያርፍ በጆሮ ቀዳዳው ውስጥ ያለውን አየር በኃይል ወደ ውስጥ ይገፋዋል፤ የጆሮ ታምቡር ስስ ስለሆነ በዚህ ግፊት ሊቀደድ ይችላል። ጆሮው ይጮኻል፣ ያመዋል፣ አንዳንዴ ደም የቀላቀለ ፈሳሽ ይወጣዋል። እንደ ልጅሽ ያለው ደግሞ ምንም ሳይናገር ሕመሙን ችሎ ይቀመጣል። ዛሬ ማታ ሞክሪው። አንዱን ጆሮ በጣቱ ይድፈን፤ አንቺ አንድ እርምጃ ያህል ከኋላው ቆመሽ ሁለት ቁጥር በሹክሹክታ ንገሪውና ይድገምልሽ። ከዚያ ሌላውን ጆሮ ይድፈንና በሌላ ቁጥር ድገሚው። ቢመልስልሽም ባይመልስልሽም ነገ ጠዋት ጤና ጣቢያ ውሰጂው፤ በመብራት ውስጡን ያዩታል፣ ካስፈለገ ወደ ሆስፒታል ይጽፉልሻል። እዚያ ስትደርሺ "ወድቆ ነው" አትበይ። "በጥፊ ተመትቶ ነው" በይ፤ ሕክምናው የሚወሰነው በምክንያቱ ነው።

ታምቡሩ ተቀዶ ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ በሳምንታት ውስጥ፣ ሲቆይ በሁለት ወር ገደማ ራሱ ይገጥማል። ለዚህ ግን ውሃ እንዳይገባው ያስፈልጋል። ዘይት፣ የነጭ ሽንኩርት ጭማቂ፣ ሐኪም ያላዘዘው ጠብታ አይግባበት፤ በክብሪት እንጨትም አይጠረግ። ገላውን ሲታጠብ ጥጥ ቫዝሊን ቀብቶ ጆሮው አፍ ላይ ያድርግ። እስኪድን ጣና ውስጥ አይገባም፤ ይህን ስትነግሪው ምክንያቱ ጆሮው መሆኑን ንገሪው፣ ከቅጣት ጋር አታያይዥው።

ጀርባውንም ያዩለት። ገመድ ቀጭን ስለሆነ ቆዳውን ይሰነጥቃል፤ ወገብ ላይ ያረፈ ምት ደግሞ ኩላሊት ሊጎዳ ይችላል። ሽንቱ እንደ ቀይ ሻይ ከጠቆረ ወይም ቁስሉ ሞቆ ካበጠ አታሳድሪው። በር ዘግቶ መታጠቡ በ12 ዓመት ወጉ ነው፤ ጊዜው ግን ከግርፋቱ ጋር ስለገጠመ ምልክቱን እየደበቀ ይመስለኛል። በግድ አታስወልቂው። ቅባቱን አዘጋጅተሽ "እጅህ የማይደርስበትን እኔ ልቀባልህ?" ብለሽ ጠይቂው። እምቢ ካለ ነገም ጠይቂው።

የአማትሽን ነገር በአጭሩ ልጨርሰው። በርበሬ ሻጭ ነሽ፤ ወፍጮ ቤት ስትገቢ አፍንጫሽን በነጠላ የምትሸፍኝው ለምን እንደሆነ ከእኔ ይልቅ አንቺ ታውቂዋለሽ። የሚነድ በርበሬ ጭስ ከዱቄቱ የባሰ ነው። የአየር ቧንቧን ያጠብባል፤ አስም ያለበትን ልጅ ትንፋሽ አሳጥቶ ሊገድል ይችላል፤ ዓይን ያቃጥላል። ይህ በምንም መልኩ ልጅሽ ላይ እንዳይደረግ። አማትሽን መሟገት ከከበደሽ "ሐኪሙ ጭስ ከልክሎታል" ብትያቸው ሐሰት አይሆንም፤ ነገ ጤና ጣቢያ ስትሄጂ ብትጠይቂ ይህንኑ ይነግሩሻል።

አሁን ወደ እንቁላሉ እንምጣ። አጎቱ የጠቀሰው ተረት እውነተኛ ቁም ነገር አለበት፤ ግን እስኪ እንደገና እንስማው። ልጁ ከጎረቤት እንቁላል ሰርቆ መጣ። እናቱ ተቀበለችው፣ ዝም አለች። ልጁ አደገ፤ እንቁላሉ ዶሮ፣ ዶሮው በግ፣ በጉ በሬ ሆነ። መጨረሻ ላይ ሊሰቀል ሲል "እናቴ፣ በእንቁላሉ ጊዜ በቀጣሽኝ" አላት። ይህቺ እናት ጥፋቷ አለመግረፏ ነው እንዴ? እንቁላሉን ተቀብላ አስቀመጠችው። ያኔውኑ እጁን ይዛ ጎረቤት ደጃፍ ወስዳው፣ ልጁ በገዛ አፉ "የእናንተ ነው፤ ወስጄው ነበር" ብሎ ቢመልስ ኖሮ ተረቱ እዚያው ያልቅ ነበር። ያንን የመሰለ ቅጣት ልጅ አይረሳውም።

በእናንተ ቤት የሆነውን ደግሞ አስቢው። 600 ብር ጠፋ፤ 280ው ተገኘ፤ ልጁ ተገረፈ። 320 ብሩስ? ማን ይክፈለው የሚል ጥያቄ በደብዳቤሽ ውስጥ የለም፤ ቤት ውስጥም የጠየቀ ያለ አይመስለኝም። ልጁ በቆዳው ከፈለና ሒሳቡ ተዘጋ። የገመድ ቅጣት ትልቁ ጉድለት ይህ ነው። ሕመሙ ለግማሽ ሰዓት ነው፤ ከዚያ በኋላ ልጁ ዕዳ የለበትም። ለሚቀጥለው ጊዜ የሚማረው ነገር ቢኖር ካልሲ መደበቂያ እንደማይሆን ነው።

አለማልቀሱንም እንደ ድንዳኔ አትቁጠሪበት። ከሕፃንነቱ ጀምሮ ሲወድቅ "ወንድ ልጅ አያለቅስም" ብለነዋል። እንደታዘዘው ቢያደርግ ደግሞ "ገና አልተሰማውም" ብለን ጨመርንበት። ቢያለቅስ ሴት፣ ባያለቅስ ጋጠወጥ ይባላል፤ እንዲህ ያለ መውጫ የሌለው ነገር ውስጥ ያስገባነው እኛ ነን። በሰፈራችን ወንድ ልጅ ሲያጠፋ ያየው ሁሉ ጆሮውን መቆንጠጥ ይችላል፤ አጎት፣ ጎረቤት፣ መምህር ሁሉም እጁን ያሳርፍበታል። ምን ሆነህ ነው ብሎ የሚጠይቀው ግን ጥቂት ነው። እህቱን ግን ጠየቃችኋት። ቁጭ አድርጋችሁ መከራችኋት፤ ሠራ። ዘዴው ቤታችሁ ውስጥ አለ ማለት ነው። ለእሱም ሞክሩለት።

አንድ ነገር ልጠይቅሽ፤ ቅር እንዳይልሽ። ምሳሽን 5፡30 ያደርስልሻል። ተቀብለሽ፣ ገበያተኛ ሸኝተሽ፣ የባጃጅ ቆጥረሽ እስክትሰጪው ስንት ሰዓት ይሆናል? ከቅዳሜ ገበያ ድልድዩን ተሻግሮ ዓባይ ማዶ ለመድረስ፣ ባጃጁም እስኪሞላ፣ ስንት ይፈጅበታል? ትምህርት ቤቱ በሩን 6፡30 የሚዘጋ ከሆነ ልጅሽ በሳምንት ሁለትና ሦስት ቀን ደርሶ በሩ ተዘግቶ ያገኘዋል ብዬ እገምታለሁ። በብዙ ትምህርት ቤት ያረፈደ ልጅ ጠጠር ላይ ተንበርክኮ ይቆያል፣ ሁለት አለንጋም ይቀምሳል። አሥር ደቂቃ ያረፈደ የ12 ዓመት ልጅ ፊቱ ሁለት መንገድ አለ፤ አንዱ ጠጠር፣ ሌላው ጣና። ብዙ ልጅ መቅረት የሚጀምረው እንዲህ ነው። ማርፈዱ መቅረት ይሆናል፤ መቅረቱ ጓደኛ ያመጣል፤ ጓደኛው ጌም ቤት ይወስዳል፤ ጌም ቤት ብር ይፈልጋል።

ግምቴ ልክ ላይሆን ይችላል፤ ማረጋገጥ ግን ቀላል ነው። ለሦስት ሳምንት ምሳሽን ጠዋት ይዘሽ ውጪ። ልጁ በቀጥታ ከቤት ወደ ትምህርት ቤት ይሂድ። መቅረቱ ከቀነሰ ምክንያቱን አገኘሽ ማለት ነው፤ ያለ አንዳች ዱላ። ካልቀነሰ ሌላ ነገር አለ፤ የሚፈራው መምህር፣ ብር አምጣ የሚለው ትልቅ ልጅ፣ ያልገባው ሒሳብ ይሆናል።

ንግግሩን ደግሞ እንዲህ አድርጊው። ቤት ውስጥ አይሁን፤ ግቢው የአጎቱ ነው፣ ግድግዳውም ይሰማል። ቡና ላይ፣ ጎረቤት ባለበትማ በፍጹም። ሰው ፊት መዋረድ ከገመድ ይብሳል፤ ልጁ የሚሰማው ቃልሽን አይደለም፣ ማን እንደሳቀበት ነው። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ አዲሱን የዓባይ ድልድይ በእግር ተሻገሩ። 380 ሜትር ነው፤ ቀስ ብላችሁ ከሄዳችሁ ስድስት ሰባት ደቂቃ ይወስዳል። ከዚያ በላይ ንግግር አያስፈልግም። ጎን ለጎን የሚሄድ ሰው ዓይን ለዓይን አይተያይም፣ ወንዶች ልጆች እንዲህ ሲሆን አፋቸው ይፈታል። በሚሰማበት ጆሮ በኩል ሁኚ።

"ለምን ሰረቅህ?" አትበይው። ይህ ጥያቄ መልስ የለውም፤ "እንጃ" ነው የሚልሽ፣ አንቺም ትናደጃለሽ። "ሐሙስ ስንት ሰዓት በሩ ላይ ደረስክ?" "280ውን ለምን አስቀመጥከው?" ብለሽ ጠይቂው። ይህ ሁለተኛው ጥያቄ ቀላል እንዳይመስልሽ። ለጨዋታ ብቻ የወሰደ ልጅ ሁሉንም ያጠፋዋል፤ ግማሹን የሚያስቀምጥ ልጅ አንዳንዴ ዕዳ አለበት፣ ወይም አንድ ሰው ይጠብቀዋል። ጌም ቤቱ በዱቤ ያጫወታቸው እንደሆነ ራስሽ ሄደሽ ጠይቂ። ባለቤቱን በቁጣ ሳይሆን "ስንት አለበት?" ብለሽ ጠይቂ፤ ካለበት ክፈይና ሁለተኛ በዱቤ እንዳያጫውተው ንገሪው። ልጅሽ ዝም ካለ ዝም በዪ። አንድ እሑድ ካልበቃ ሁለተኛ እሑድ አለ።

ከዚያ ዕዳውን ንገሪው። "320 ብር የእቁቤ ነው፤ ትመልሰዋለህ።" በሳምንት 40 ብር፣ ለስምንት ሳምንት። ከዚያ ከረዘመ የ12 ዓመት ልጅ ማለቂያው አይታየውም፣ ይተወዋል። ለኪሱ በቀን 10 ብር የምትሰጪው ከሆነ ከሳምንቱ 50 ብር 20ውን ይተውልሽ፤ ቁርሱን ግን አትንኪበት፣ ምግብ መከልከል ቅጣት አይደለም፣ ለሌላ ስርቆት መነሻ ነው። የቀረውን 20 ቅዳሜ ጠዋት ሁለት ሰዓት ያህል አጠገብሽ ሠርቶ ያግኘው። ዝንጅብል ይመዝን፣ ከረጢት ይጠፍ፣ መልስ ይቁጠር። አዎ፣ ብር ያስቆጥሪው፤ ዓይንሽ እያየ። ብር የሰረቀን ልጅ ከብር ማራቅ ያጓጓል፤ ግን መታመንን የሚለማመደው የት ነው? መጀመሪያ ሳንቲሙን፣ ሦስተኛው ሳምንት ላይ አሥርና ሃምሳ ብሩን አስይዢው። በአሮጌ ደብተር ገጽ ላይ ስምንት መስመር አስምራችሁ በየሳምንቱ እሱ ራሱ ይጻፍ፣ አንቺ ፈርሚ። ስምንተኛው ሲሞላ ነገሩ ተዘጋ። በሌላ ቀን ተናደሽ "አንተ ሌባ" ካልሽው ግን ስምንቱን ሳምንት በአንድ ቃል አጠፋሽው።

ሊበላሽ የሚችልበት ጊዜ ሦስተኛው ሳምንት አካባቢ ነው። አንድ ቀን ይቀራል፣ ወይም ቅዳሜ "አሞኛል" ይላል። አትደንግጪ፤ ዕቅዱ አልፈረሰም። ያን ሳምንት 40 ብር ስላልገባ መስመሩ ባዶ ይሆናል፣ ዘጠነኛ መስመር ይጨመራል። በቃ። ጩኸት የለም፣ ስብከት የለም። "ቆይ አባትህ ይምጣ" የምትለዋን ነገርም ተያት። አባቱ በወር ሦስት ቀን ነው የሚመጣው፤ እነዚያን ሦስት ቀናት ልጁ በፍርሃት እንዲጠብቃቸው ማድረግ ለሦስታችሁም ጉዳት ነው።

ትምህርት ቤት ሄደሽ ዩኒት ሊደሩን ወይም የክፍሉን ኃላፊ ለብቻው አነጋግሪ። ሦስት ነገር ጠይቂ፦ የቀረባቸውን ቀናት ዝርዝር፣ ሲያረፍድ ሳይንበረከክ ገብቶ ስሙ እንዲመዘገብ፣ ሲቀር ደግሞ በዚያው ቀን ስልክ እንዲደወልልሽ። ለሦስት ሳምንት የመጨረሻው ክፍለ ጊዜ መምህር በትንሽ ደብተር ላይ እንዲፈርምለት ብትጠይቂም ጥሩ ነው። ከትምህርት ቤት ለሳምንት ማገድ የሚባለውን ነገር ካነሱ በትሕትና ተቃወሚ፤ መቅረት ለፈለገ ልጅ ያ ሽልማት ነው። ዱላን በተመለከተ የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 36 ሕፃናት በትምህርት ቤት ከአካል ቅጣት ነፃ እንዲሆኑ ይደነግጋል። መምህራኑ ያውቁታል፤ ለጠብ ሳይሆን ለልመናሽ አቅም እንዲሆንሽ ያዢው።

የከበደሽ አጎቱ እንደሆነ ገብቶኛል። ቤቱ የእሱ ነው፣ ደብተሩ የእሱ ነው፤ ልጁንም ይወደዋል። እሱም ያደገው እንዲሁ እየተገረፈ ይሆናል፣ ሌላ መንገድ ያሳየው ሰው የለም። ስለዚህ አትጋፈጪው፤ ብቻሽንም አትሁኚ። መጀመሪያ ባለቤትሽ ይደውልለት፤ ወንድሙ ነው፣ የልጁም አባት ነው። ልጁን ሐኪም ካየው በኋላ ይሁን፤ ያኔ የሚነገረው በእጅ የተያዘ ነገር ይሆናል። ከዚያ አንቺ ቡና አፍልተሽ እንዲህ በዪው፦ "ጋሼ፣ ልጁ ሰው እንዲሆንልን እንደምትደክምልን አውቃለሁ። ጆሮውን ሐኪም አይቶታል፤ ሁለተኛ ምት አይችልም። ቅጣቱን እኔ እይዘዋለሁ። አንተ ማታ ማታ ደብተሩ መፈረሙን እይልኝ፤ ከእኔ ይልቅ አንተን ያፍራል።" ሥራ ስጪው። ገመዱን ብቻ ቀምተሽ ባዶ እጁን አትተዪው፤ ከልጁ አስተዳደግ የተባረረ መስሎት እንዳይከፋው። እምቢ ካለ የንስሐ አባታችሁ ይግቡበት። ሕጉንም ማወቅ አለብሽ፤ የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 576 ለአስተዳደግ ሲባል የሚወሰድን ሕግን የማይጥስ ተግሣጽ አይከለክልም፤ ልጅን ማሠቃየትንና መደብደብን ግን ያስቀጣል፤ ጤናውን የጎዳ ከሆነ ቅጣቱ ይከብዳል። ጆሮ የሚያደነቁር ጥፊ ተግሣጽ ሊባል አይችልም። ይህ ሁሉ ተደርጎ እጁን ካነሳበት የሴቶች፣ ሕፃናትና ማኅበራዊ ጉዳይ ጽሕፈት ቤት ሄደሽ ማማከር ቤት ማፍረስ አይደለም።

የሐሙሱን ጠይቀሽኝ ነበር። ለአጎቱ አትንገሪ። ለልጁ ግን ንገሪው፤ "ሐሙስ እንደቀረህ አውቃለሁ፤ ለጋሼ አልነገርኩም፣ አልነግርም። ከእኔ ጋር ነው የምንጨርሰው" በዪው። አንድ ቀን ተናደሽ "እነግርልሃለሁ" ካልሽ ግን ምስጢርሽ ዱላ ሆነ፤ ከገመዱ የሚለየው አለመታየቱ ብቻ ነው።

ለጤና ጣቢያው አንድ ነገር ልጨምርልሽ። ልጁ ጣና ዳር ሲዋኝ ስለከረመ የሰገራ ምርመራ ያድርጉለት። በሐይቁ ዳር፣ ሣርና ደንገል ባለበት ጥልቀት በሌለው ውሃ፣ ቀንድ አውጣ የሚያራባው ቢልሃርዝያ ቆዳ በስቶ ይገባል። ሆድ ቁርጠት፣ ድካም፣ ደም ያለበት ሰገራ ያመጣል፤ በጊዜ ከተደረሰበት በኪኒን ይድናል። ሰነፍና ፈዛዛ የሚባል ልጅ አንዳንዴ የታመመ ልጅ ነው።

እንግዲህ ነገ ጠዋት ሱቁን እህቱ ወይም ጎረቤት ይጠብቁልሽ፤ ካጣሽም አንድ ቀን ይዘጋ። የጆሮውን ውጤት ጻፊልኝ፤ እጠብቃለሁ።